አልወርድ ያለው ደም ብዛት

አንድ ምላሱ የማያርፍ ሸማኔ «ከአገረ ገዥያችንስ በቅሏቸው ትሻላለች» ብሎ ስቅላት ተፈረደበት። በደንቡ ግን ሐኪም ጤነኛ ነው ብሎ ካልፈረመ ማንም አይሰቀልም። ሐኪሙ ሲለካው ደም ብዛቱ ጣራ ነክቷል። «ጨውም ጭንቀትም ተው፤ ሲሻልህ ትሰቀላለህ» ብሎ መለሰው። ሸማኔው ጨው የሌለውን ሽሮውን እየበላ ሐኪሙን በልቡ መረቀ። በሳምንቱ ቢለካ ያው ነው፤ በወሩም አልወረደም።

በመጨረሻ አገረ ገዥው ራሳቸው ካባቸውን ደርበው እስር ቤት መጡ። «ሆን ብለህ ነው የማትድነው፤ ገመዱ እኮ አርጅቶ ሊበጠስ ነው። ሐኪሙ ያዘዘህን ለምን አትፈጽምም?» ብለው አፈጠጡበት።

ሸማኔው እጅ ነሳ። «ጌታዬ፣ ያዘዘኝ ጨውና ጭንቀት እንድተው ነው። ጨዉን እኔ ተውኩ፤ ገመዱን ደግሞ እርስዎ ይተዉልኝ።»