ነብር የተሸከመው የእርቅ ድንጋይ

ልጆች፣ ጠጋ በሉ። ዱሩ ሁሉ መንደር በነበረበት፣ አውሬም እንደ ሰው በሚካሰስበት ዘመን፣ ስሙ በጠፋ አገር አንዲት ሚዳቋ ሦስት ልጆች ነበሯት።

አንድ ቀን አያ ነብር የመጀመሪያ ልጇን በላባት። ሚዳቋ እየጮኸች ዳኛው ዝሆን ዘንድ ሄደች። ዝሆንም ነብርን በሐረግ አሳሰረና «ሐሙስ ይፈረዳል» አለ።

ረቡዕ ማለዳ ሽማግሌዎቹ ዝንጀሮና ኤሊ ነብርን በዋስ አስፈትተው ሚዳቋ ደጃፍ ቆሙ። ነብር አንገቱን ደፍቶ ወፍጮ የሚያህል ድንጋይ ተሸክሟል።

«እመት ሚዳቋ፣ ስለ ሰማይ ስለ ምድር ይቅር በይ» አሉ።

«ልጄስ?»

«የሞተማ ሞተ። ያሉትን አሳድጊ።»

«ሐሙስን ልጠብቅ።»

ዝንጀሮ ጉሮሮውን ጠረገ። «ድንጋይ ተሸክሞ የመጣን መመለስ ነውር ነው። እንቢ ካልሽ ከምንጫችን አትጠጪም፤ ከጥላችን አታርፊም።»

ሚዳቋ የቀሩትን ሁለት ልጆቿን አየች። በጋው ገና ብዙ ይቀረዋል። እንደ ተበዳይ ወግ ድንጋዩን በገዛ እጇ ከነብር አንገት አወረደች።

ሐሙስ ዕለት ዝሆን ጠየቀ፤ «ታርቀሻል?»

«ታርቄያለሁ፣ ጌታዬ።»

«እንግዲያ ክሱ ተዘግቷል። ሂዱ፣ ተሳሳሙ።»

ወር ሳይሞላ ሁለተኛው ልጇ ተበላ። ዳግም ጮኸች፤ ዳግም «ሐሙስ ይፈረዳል» ተባለ፤ ረቡዕ ዳግም ሽማግሌዎቹ መጡ። የአሁኑ ድንጋይ ግን ከጡጫ አይበልጥም።

«ይቺ ናት ድንጋዩ?» አለች ሚዳቋ።

«አንገቴን አሞኝ ነው፣ እህት ዓለም» አለ ነብር። ኤሊን ሳቅ አመለጠው። ሐሙስ ዝሆን ዳግም ጠየቀ፤

«ታርቀሻል?»

«ታርቄያለሁ፣ ጌታዬ።»

«እንግዲያ ክሱ ተዘግቷል።»

ብዙም ሳይቆይ ነብር በደጃፏ መመላለስ ጀመረ። የቀረቻት ትንሿ ልጇ ብቻ ናት። ሚዳቋ ወደ ዝሆን ሮጠች።

«ሳይበላብኝ ፍረድልኝ!»

«ያልተበላ ልጅ ምን ክስ አለው?»

«የተበሉትስ?»

«የእነሱማ በእርቅ አለቀ። ታርቄያለሁ ያልሽው አንቺው ነሽ።»

መሄጃ አጣች። ደጃፏ ተጥሎ የቀረውን ትልቁን ድንጋይ በገዛ አንገቷ ተሸከመችና ነብር ዋሻ ሄዳ ተንበረከከች።

«አያ ነብር፣ ስለ ሰማይ ስለ ምድር፣ የመጨረሻዋን ተውልኝ።»

«ድንጋይ ተሸክሞ የመጣን መመለስማ ነውር ነው» አለ ነብር። ድንጋዩን ቀስ ብሎ አወረደላት። አንገቷ ሲገለጥም ያዛት።

የሚዳቋን ሞት ወፎች ለዝሆን ነገሩ። ዝሆንም «ሐሙስ ይፈረዳል» አለ። ረቡዕ ሽማግሌዎቹ ወደ ትንሿ ልጅ መጡ። ነብር ጠጠር ተሸክሟል።

«እንደ ወጉ አውርጂለት፣ የኔ ልጅ» አሏት።

ብትንጠራራ፣ ብትንጠራራ አልደረሰችም። ዝንጀሮ አወረደላት።

«ታርቀሻል?» አለ ዝሆን በማግስቱ።

ልጅቱ የነብርን ጥርስ ታያለች።

«ታርቃለች፣ ጌታችን» አሉ ሽማግሌዎቹ።

«እንግዲያ ክሱ ተዘግቷል። ይቺ ሕፃን ብቻዋን አትሂድ፤ ማን ያድርሳት?»

«እኔ» አለ ነብር።

ልጆቼ፣ ለዚህኛው ተረት ዳቦ አልቀበልም። ይህን ብቻ ያዙልኝ፦ ድንጋይ ካንገት ቢወርድ፣ ጥርስ ካፍ አይወልቅም።