ሰይጣንን ቁጭ ያሰኘችው ሴት

ቂ ቂ ቂ! ቆይ፣ ሳቄ ይለፍልኝ! አንዲት ደንዳና ሴትዮ አግዳሚ ወንበር በገመድ አስራ፣ እንደ በሬ እየጎተተች፣ በረዶ በሆነ ወንዝ ላይ ስትሮጥ ይታየኛላ፤ ምን ላድርግ! ግን ምርጡ እሱ አይደለም። ምርጡ መጨረሻው ላይ ነው፤ እዚያ ስንደርስ የሚስቅ ካለ እናያለን።

አንድ ሩስያ የሚባል አገር አለ፤ የተተፋ ምራቅ መሬት ሳይደርስ በረዶ የሚሆንበት የብርድ አገር። የዚያ አገር ጸሐፊዎች ስለ ሰይጣን መጻፍ ይወዳሉ አሉ። እዚያ ተምሮ የመጣ ሰው እንዳወራው፣ የነሱ መጽሐፍ ውስጥ ያለው ሰይጣን እንደኛው ወንዝ ዳር ተቀምጦ ጥቁር ዶሮ አምጡ አይልም። ካፖርት ለብሶ፣ ባርኔጣውን አውልቆ፣ «ይቅርታ፣ ረበሽኩ እንዴ?» እያለ ነው የሚገባው። ሻይ ይወዳል። ስለ ነፍስ ከቄስ በላይ ይከራከራል። ብቻ አፉ አያርፍም፤ ሲናገር ውሎ ሲናገር ያድራል። ይሄም ታሪክ የዚያው የአፈኛው ሰይጣን ነው።

በዚያ አገር አግራፌና የምትባል ሴት ነበረች። ቤቷ ትልቅ ወንዝ ዳር፣ የመንደሩ መጨረሻ ላይ ነው። በብርዱ ወራት ወንዙ እንደ ድንጋይ ይጠነክርና መንገድ ይሆናል፤ ሰው በእግሩ፣ ፈረስ የበረዶ ጋሪ እየጎተተ ይሻገርበታል። ስለዚህ ከመንደሩ የሚወጣ ሰው ሁሉ በአግራፌና ደጅ ያልፋል።

የዚያ አገር ሰዎች አንድ ልማድ አላቸው። መንገደኛ ጓዙን አስሮ፣ ጫማውን አጥልቆ፣ ሁሉ ነገር ካለቀ በኋላ፣ ከቤተሰቡ ጋር አንድ አፍታ ቁጭ ይላል። ዝም ብሎ። ያቺን አፍታ ማንም ቃል አይተነፍስም። ከዚያ ተነሥቶ «ደህና ሁኑ» ብሎ ይሄዳል። ሳይቀመጥ የወጣ ሰው መንገዱ አይቃናም ይላሉ።

የአግራፌና ባል ኤፊም ጋሪ ነጂ ነበር። ቃል የሚቆጥብ፣ የተናገረ እንደሆነ ግን እውነቱን የሚናገር ሰው። አንድ ቀን ሊሄድ ሲል የጎመን ሾርባ አቀረበችለት። አንድ ማንኪያ ቀመሰና፣

«ጨው የለውም» አለ።

«እንግዲያው ተሻገርና ጨው ያለበት ብላ!» አለችው።

ኤፊም ማንኪያውን አስቀመጠ። ኮፍያውን አነሣ። ሳይቀመጥ ወጣ። በመስኮት አየችው፤ ልትጠራው አፏን ከፈተች፤ ኩራት መልሶ ዘጋላት። ጋሪው ትንሽ፣ ትንሽ እየሆነ ሄደ። ብቻዋን ስትቀር ሾርባውን ቀመሰችው። ቅንጣት ጨው የለውም። ረስታዋለች! ይመለስ የለ፣ ሲመለስ ጥፋቴን እነግረዋለሁ ብላ ለራሷ ሳቀች። ከሰዓት በኋላ ሰዎች መጡና መሀል ወንዙ ላይ በረዶው ተከፍቶ ፈረሱንም፣ ጋሪውንም፣ ኤፊምንም እንደዋጠ ነገሯት።

ከዚያ ወዲህ ሰባት ዓመት። መልኩ ይናፍቃታል፤ ካፖርቱ ላይ ያለው የሬንጅ ሽታ ይናፍቃታል፤ ጫማውን ሲያወልቅ የሚያሰማት ማቃሰት ሳይቀር ይናፍቃታል። ከሁሉ በላይ ግን የምትናፍቀው ያቺን ያልተቀመጧትን አፍታ ነው። የሞተ ሰው ይለቀሳል፤ ያልተሰናበቱት ሰው ግን ምን ይደረጋል?

አግራፌና ያደረገችው ይሄን ነው። ኤፊም በእጁ የሠራውን አግዳሚ ወንበር ከቤት አወጣችና ደጇ ላይ፣ ወደ ወንዙ አዙራ አስቀመጠችው። የሚያልፈውን ሁሉ፣ ሀብታም በል ድሃ፣ በክንዱ ይዛ «ቁጭ በል! እግርህ ቢቸኩል ልብህ ይድረስበት!» ትለዋለች። እምቢ ያለውን ትከሻውን ተጭና ታስቀምጠዋለች፤ ክንዷ የዋዛ አልነበረም። አብራው ቁጭ ትላለች። በዚያች ዝምታ ውስጥ ስንቱ ተኳርፎ የመጣ ታረቀ! ስንቱ ወደ ቤቱ ተመልሶ እናቱን ስሞ ሄደ!

ይሄን ነገር የማይወድ አንድ ሰው ነበር።

አንድ ቀን ቀትር ላይ ቀጭን ካፖርት የለበሰ ሰው ባርኔጣውን አውልቆ ደጇ ላይ ቆመ። በረዶው ላይ የእግሩ ዱካ የለም። አግራፌና ልብ አላለችም፤ ወጉን ነበር ያየችው።

«እትዬ አግራፌና፣ ይቅርታ፣ ረበሽኩዎት እንዴ?»

«ኧረ ምን በወጣዎት! ሳሞቫሩ፣ የሻይ ማፍያው፣ ፈልቷል፤ ይቀመጡ።»

«መቀመጥ እንኳ አይሆንልኝም፤ ወገቤን ያመኛል» አለና ቆሞ ሻዩን ተቀበለ። ከዚያ ወሬ ጀመረ። ስለ ብርዱ አወራ፣ ስለ ፍቅር አወራ፣ እግዚአብሔር ሰውን ሲፈጥር ናፍቆትን ለምን እንደጨመረበት አወራ። ሰይጣን ላመሉ ከመጽሐፍ ይጠቅሳል አይደል፤ መዝሙረ ዳዊት ሳይቀር ደገመላት። ሦስተኛውን ሻይ ሲጨርስ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ኤፊምን ባመጣልዎትስ?»

ማንቆርቆሪያውን አስቀመጠች። ማን እንደሆነ ያን ጊዜ ገባት። ማባረር ነበረባት፤ ማማተብ ነበረባት። ሰባት ዓመት የናፈቀ ሰው ግን የሚያንኳኳውን ማንነት ሳይሆን የያዘውን ነው የሚያየው።

«ነፍሴን አልሰጥህም» አለችው። አንቱታው እዚያው ላይ ቀረ።

«ነፍስሽን ምን ላድርገው? ነፍስ ሞልቶኛል» አለ እየሳቀ። «ያንን አግዳሚ ገልብጪው፤ ወዲያው ይመጣል። ማንም አይቀመጥበት። ሦስት ቀን እንደተገለበጠ ከቆየ ፍለጪና ለእሳት አድርጊው፤ ኤፊም ለዘላለም ያንቺ ነው።»

«ይሄ ብቻ?»

«ይሄ ብቻ። አሮጌ እንጨት ነው እኮ፣ እትዬ!»

ወጣችና ገለበጠችው። አራቱ እግሮቹ ወደ ሰማይ ቆመው፣ የሞተ በግ መሰለ።

ወደ ቤቷ ስትዞር ኤፊም መቃኑን ተደግፎ ቆሟል። ያ ኮፍያው! ያ የተሸረፈ ጥርሱ! አግራፌና መሬት ላይ ተቀመጠችና እንደ ልጅ አለቀሰች፤ ወዲያው ደግሞ እንደ እብድ ሳቀች። እሱም ያወራት ጀመር። ናፍቀሽኝ ነበር አላት። ውሃው ውስጥ ያሰብኩት አንቺን ብቻ ነው አላት። ዓይንሽ፣ እጅሽ፣ ድምፅሽ አላት። እሷ በሰባት ዓመት ውስጥ ለራሷ ያወራችውን ሁሉ እሱ መልሶ አወራላት። በዚያ ቀን አራት መንገደኞች አለፉ። ቀና ብላም አላየቻቸው።

በማግስቱ የመንደሩ አንጥረኛ ኒኪፎር ጓዙን በጀርባው አዝሎ፣ ፊቱን አጥቁሮ መጣ። ወንዝ ማዶ፣ ጫካ ሊቆርጥ፣ ለሁለት ዓመት መሄዱ ነው። የተገለበጠውን አግዳሚ አየና ቆመ።

«እትዬ አግራፌና፣ ልቀመጥ እንጂ።»

«ዛሬ የለም፤ እለፍ።»

«ትላንትና እኮ ሰው በጉልበት ታስቀምጪ ነበር!»

«እለፍ አልኩህ!»

ኒኪፎር ትከሻውን ነቀነቀና ወደ ወንዙ ወረደ። ጥቂት ቆይቶ ታናሽ እኅቱ ኡልያና ደረሰች፤ ፀጉሯ ተበትኖ፣ በብብቷ አሮጌ የፀጉር ካፖርት ይዛ፣ ትንፋሿ ቁርጥ ቁርጥ እያለ።

«ወንድሜ ተቀመጠ? እትዬ፣ ሳይቀመጥ አላለፈም አይደል?»

«አለፈ።»

«ሳይቀመጥ?» ኡልያና እዚያው በጉልበቷ ወደቀች። «የአባታችን ካፖርት ለኔ ለኔ ስንል ተጣላን። ‘ሂድ፣ አትመለስ!’ አልኩት። ከአፌ አመለጠኝ እኮ! እትዬ አግራፌና ታስቀምጠዋለች፣ እደርስበታለሁ ብዬ ነበር የሮጥኩት።»

አግራፌና የልጅቱን ፊት አየች። የምታውቀው ፊት ነው። ከሰባት ዓመት በፊት በመስኮቱ መስታወት ላይ ያየችው የራሷ ፊት ነው።

ወጣች፤ አግዳሚውን በአንድ እጇ ገልብጣ አቆመችው።

«ኤፊም፣ ና። ያን ቀን ያልተቀመጥነውን እንቀመጥ። አንድ አፍታ፣ ዝም ብለን።»

«ለምን እንቀመጣለን፣ የኔ ፍቅር? ቁጭ የሚል እኮ የሚሄድ ሰው ነው! እኔ የትም አልሄድም፤ ይልቅ ልንገርሽ፣ ያን ጊዜ...»

«ዝም በልና ተቀመጥ!»

«እቀመጣለሁ፣ እቀመጣለሁ፤ ብቻ አንድ ነገር። ስለዚያ ሾርባ ጥፋቱ የኔ ነው። የሚጣፍጥ ሾርባ ነበር፤ ጨውም ልኩ ነበር።»

አግራፌና ቀጥ አለች።

«እ? ጨዉስ ምን ነበር?»

«ልኩ! እንዳንቺ ያለ ባለሙያ...»

«ወግድ!» አለች፤ ድምፅዋ ጣራው ላይ ያለውን በረዶ አራገፈው። «የኔ ኤፊም ሞቶ ቢነሣ እንኳ ለሾርባ አይዋሽም! ያ ሾርባ ጨው አልነበረውም!»

መቃኑ ላይ ማንም አልነበረም። ለካ ሰባት ዓመት የናፈቃት ደስ የሚያሰኛት ኤፊም ሳይሆን፣ እውነቱን ነግሮ የሚያናድዳት ኤፊም ነበር።

ኡልያና ካፖርቱን አቅፋ፣ አፏን ከፍታ ታያታለች። «እትዬ፣ ከመቃን ጋር ነው እንዴ የምትጣዪው?»

«ኋላ እነግርሻለሁ፤ ገመድ አምጪ!»

ይኸውላችሁ፣ ያሳቀኝ እዚህ ጋ ነው። አግዳሚውን በገመድ አስራ፣ ገመዱን በትከሻዋ አድርጋ፣ በረዶው ላይ ሮጠች! አግዳሚው እየተንሸራተተ ተረከዟን ይመታታል፤ እሷ ትወድቃለች፣ ትራገማለች፣ ትነሣለች። «ኒኪፎር! አንተ ግንባረ ድንጋይ! ቁም!» ኡልያና ከኋላ ትገፋለች። ኒኪፎር መሀል ወንዙ ላይ ዞሮ ሲያይ፣ አንድ ወንበር ሁለት ሴት አሳዶ የሚመጣበት መሰለው።

«ቁጭ በል!» አለችው ቁና ቁና እየተነፈሰች።

«እዚህ? በረዶ ላይ?»

«ቁጭ በል እንጂ፣ ክርክር ምን አመጣው!»

ሦስቱም ተቀመጡ። ኡልያና ካፖርቱን ወንድሟ ጭን ላይ አኖረችው። ማንም አልተናገረም። ነፋሱ ቆሞ ነበር። ትንሽ ቆይቶ ኒኪፎር ካፖርቱን ዘረጋና የሁለቱንም ሴቶች ጉልበት አለበሰው። ይሄው ነው። ከዚህ በላይ ዕርቅ የት አለ?

አግራፌና እግሮቿ መሀል ያለውን በረዶ አየች። ኤፊም የገባው እዚህ ነው። እሱ ከታች ነው፣ እሷ ከላይ ናት፣ መካከላቸው አንድ ክንድ በረዶ። ያን ጊዜ ገባት። እየተቀመጡ ነው። ሰባት ዓመት ዘገየ እንጂ ይኸው፣ አብረው ቁጭ አሉ። ናፍቆቱ አልሄደም፤ ግን መቀመጫ አገኘ። «ጨው አልነበረውም፤ አንተ ነህ ልክ» አለች በሆዷ፤ እንባዋም ጉንጯ ላይ ደረቀ።

ኒኪፎር ሁለቱንም ስሞ ሄደ። ኡልያና እስኪጠፋ ድረስ ቆማ አየችው። አግራፌና አግዳሚዋን እየጎተተች ተመለሰች።

እንግዲህ ምርጡ ደረሰ። ግን ቁም ነገሩን አስቀድሜ ልንገራችሁ፤ ኋላ የሚሰማኝ የለም። ናፍቆት በር ሲያንኳኳ የሚያጽናና ነገር ሁሉ ከእግዚአብሔር ነው አትበሉ፤ የምትሰሙትን የምትወዱት ስለናፈቃችሁ ይሆናል። የሚያባብላችሁን ድምፅ ጨው እንዳለው ቀምሳችሁ እዩት። የሚሄደውን ሰው ደግሞ፣ ቢያናድዳችሁም፣ ሳትቀመጡ አትስደዱት። የተጣላን ሰው ለማስታረቅ ሽማግሌ ይፈለጋል፤ አንዳንዴ ግን አንድ አግዳሚና አንድ አፍታ ዝምታ ይበቃል። እስቲ እናንተ ደጅ ሳይቀመጥ የወጣ ማን አለ?

አግራፌና ደጇ ስትደርስ ያ ቀጭን ካፖርት የለበሰው ሰውዬ ባርኔጣውን በእጁ እያሽከረከረ ቆሟል። ስታየው አሳዘናት፤ ሰይጣን ነው፣ አይታዘንለትም፤ እሷ ግን ሴትዮዋ እንደዚያው ናት።

«አሸነፍሽኝ» አላት። «እንግዲህ ልሂድ።»

«ልትሄድ ነው?» አለች አግራፌና፣ አግዳሚውን ከቦታው እየመለሰች። የሰባት ዓመት ልማድ አይለቅምና ከአፏ ወጣ፤ «እንግዲያው ቁጭ በል።»

ሰውዬው አያት። አግዳሚውን አየ። ወገቡን አላመመውም። ጫፉ ላይ፣ ሊበር እንዳለ ወፍ፣ ቁጭ አለ። እሷም በወዲያኛው ጫፍ ተቀመጠች። በስንት ሺህ መጽሐፍ ውስጥ ሲለፈልፍ የኖረው ያ አፍ፣ አንድ አፍታ፣ ዝም አለ። ከጣራው ላይ ጠብታ ሲወርድ ይሰማ ነበር።

ከዚያ ተነሣ። ባርኔጣውን አጠለቀ። ፊቱን ሳያዞርላት፣ ወደ ሰማይ እያየ፣ እንዲህ አላት፦

«እኔ ከዚያ ቤት ስወጣ፣ ቁጭ በል ያለኝ አልነበረም።»