የዳክዬዎቹ አለቃ መሐላ

ተረት ተረት! የላም በረቱን ለዛሬ ተዉትና ወደ ሐይቅ እንውረድ።

እዚያ የዳክዬዎች አለቃ የሆነ አንድ ወፍራም ዳክዬ ነበር። አዞ ሐይቁን በወረረ ጊዜ፣ «እርስዎ ይሙቱ፣ አሽከርዎ ነኝ!» ብሎ ማለለት፤ የወገኖቹንም እንቁላል ከየጎጆው እያስለቀመ ቁርስ አቀረበለት። ቆይቶ ጉማሬ መጣና አዞን አባረረ። አለቃው ላባውን አበጥሮ ጉማሬ ፊት ቀረበና፣ «እርስዎ ይሙቱ፣ በልቤ ድሮም የእርስዎ ነበርኩ!» አለ። ጉማሬም ደስ ብሎት በአለቃነቱ አጸናው። እንቁላላቸውን የተበሉት እናቶች ግን እርስ በርስ ተያዩ።

በሳምንቱ አለቃው ሸምበቆ ውስጥ ደረቱን በምንቃር ተወግቶ ሞቶ ተገኘ። ጉማሬ ዳክዬዎቹን ሰብስቦ፣ «ማን ገደለው?» አለ።

ሬሳውን እንደከበቡ ክንፋቸውን አነሱና በአንድ ድምፅ፣ «አለቃችን ይሙቱ፣ አላየንም!» ብለው ማሉ።

«በአለቃችሁ ከማላችሁማ ምን እላለሁ!» አለና ጉማሬ ተመልሶ ውሃው ውስጥ ተኛ።