ስለ ግብር የጻፈው ጃርት

ጆሮ ላለው ተረት አለኝ። ድሮ፣ አውሬ ሁሉ በአንድ ቋንቋ ሲያወራ፣ አያ ጃርቴ የሚባል ጃርት ነበር። ከጀርባው እሾህ እየነቀለ በዛፍ ልጥ ላይ ስለሚጽፍ የዱሩ አዋቂ ይሉታል። ከሁሉም አብልጦ ይህን የሚያምነው ግን ራሱ ነበር።

አንድ ዘመን ድርቅ ገባና ኩሬው በደለል ተሞላ። ንጉሡ አያ አንበሶ አያ ጃርቴን አስጠርተው ምን እንደሚሻል ጠየቁት። እርሱም፣ ሁሉም ካለው እህል ግብር ያግባ፣ በእህሉ ቆፋሪ ይቀለብና ኩሬው ይጠረግ ብሎ ጻፈ። አውሬው ከልጆቹ አፍ ነጥቆ አገባ። ንጉሡ ግን ድግስ ደገሱበት። ግብር ገባ፣ ግብር ተበላ። አያ ጃርቴም ከመኳንንቱ ጋር ተቀመጠ፤ ጠላውም ጣፈጠው።

አውሬው ኩሬው የታለ ብሎ ቢያጉረመርም፣ አያ ጃርቴ ሁለተኛ ጻፈ። መኳንንት ሲጠግቡ ፍርፋሪው ለሁሉም ይደርሳልና ታገሡ አለ። ጅግሪት ጫጩቶቿን አስከትላ ፍርፋሪ ልትለቅም ብትሄድ፣ ከገበታው ሥር አያ ጅቦ አፉን ከፍቶ ተኝቷል። ባዶዋን ተመልሳ ለአያ ጃርቴ ነገረችው።

«ጽሑፉስ ልክ ነው፤ የተሳሳተው ጅቡ ነው» አላት።

ጎተራው ተሟጠጠ። ንጉሡ ዳግመኛ ጻፍ አሉት። አያ ጃርቴም የጉሬዛን ጸጉርና የሰጎንን ላባ እያሰበ፣ «በጀርባው ላይ ትርፍ የበቀለለት ትርፉን ያግባ» ብሎ ሦስተኛ ጻፈ። ቀበሮ ይህን በአደባባይ አነበበው። ጉባኤው ሁሉ ዞሮ አያ ጃርቴን አየ። እኔን አይመለከትም ሊል አፉን ከፈተ፤ ግን ጽሑፉም የእርሱ፣ ጀርባውም የእርሱ ሆነበት። እሾሁን ነቅለው ነቅለው የንጉሡን እልፍኝ አጠሩበት።

ራቁቱን ቤቱ ሲገባ ሚስቱ ጃርቲት አላወቀችውም። በድምፁ ለየችውና፣ «እሰይ፣ ከጻፍከው አንዱ እንኳ ሥራ ላይ ዋለ» አለችው።

ውሃ ጠየቃት። እንስራው ደርቋል። ልጆቹ ምላሳቸው ከላንቃቸው ተጣብቆ ተጋድመዋል። አያ ጃርቴ ያን ጊዜ ደነገጠ። የሚጽፍበት እሾህም የለውምና ወደ ኩሬው ወርዶ ደለሉን በጥፍሩ ይጭር ጀመር።

ጅግሪት አገኘችው። «ምነው አያ ጃርቴ፣ ጽሑፉ ቀረ?»

«ያን ሁሉ ስጽፍ እኮ አልጠማኝም ነበር» አላት።

ጅግሪት ሳቀች፤ እርሱም በራሱ ሳቀ። አጠገቡ ሆና ጫረች። ከርከሮ መጣ፣ ጉሬዛም መጣ፣ ሌላውም ተከተለ። ቆፈሩ፣ ቆፈሩ፣ ቆፈሩ፤ ጭቃ የመሰለ ውሃ ፈለቀ። የአያ ጃርቴ ልጆች ጠጥተው ቆሙ።

እሾሁ መልሶ ሲበቅል ንጉሡ አሁንም ጻፍ ብለው ላኩበት። እርሱም አንድ ቃል ሳይጽፍ በፊት ጀርባውን ዳሰሰ አሉ።

እኔም ተረቴን ጨረስኩ፤ ያለ ቀረጥ ውሰዱት። ብቻ፣ ግብር የሚመክር፣ ከራሱ ጀርባ ይጀምር።