ጉም የለበሰው ኮረብታ

ተረት ተረት፣ የበግ በረት። ጉም በማያጣው የእንግሊዝ ገጠር አንድ ትንሽ ኮረብታ ነበረ። አንዲት አንካሳ አሮጊት በግ ሲመሽ ሲመሽ እላዩ ትወጣና፣ ጡት አስጥለው ማዶ መስክ የወሰዱባትን ግልገሏን ትጣራለች። ግልገሏም ትመልስላታለች።

ኮረብታው ግን ማንም እየተነሳ የሚወጣው መሆኑ አሳፈረው። ጉምን፣ «እባክህ ተራራ አስመስለኝ» አለው።

ጉሙም፣ «ምን ገዶኝ!» ብሎ እስከ ሰማይ ድረስ አለበሰው።

አመሻሽ ላይ በጓ መጥታ ሽቅብ አየችና ደነገጠች።

«እኔ ነኝ እኮ፣ እማማ!» አላት ኮረብታው።

«አይ ልጄ፣ የእኔው ትንሽ ነበር። መንገድ ሳልስት አልቀረሁም» ብላ እያነከሰች ተመለሰች።

ከማዶ ግልገሏ «እማዬ!» ስትል ተጣራች። ኮረብታው ሊመልስላት ፈለገ፤ ማዶ የሚደርስለት ድምፅ ግን የራሷው የግልገሏ የገደል ማሚቶ ብቻ ነበር።

«እማዬ!» አላት።