እያወቀ የሚሸነፈው አማች

አንድ ድንበሩ የሚባል አናጢ ነበር። ውዲቱ የምትባል ለወላጆቿ ብቸኛ የሆነች ልጅ ባገባ ጊዜ፣ ከአማቶቹ ጋር ያለ አንዳች ነቀፋ ለመኖር ለራሱ ቃል ገባ። እሑድ እሑድ ሊጠይቃቸው ሲሄድ አማቱ አቶ ገብረየስ የገበጣ ሰሌዳቸውን ያቀርቡለታል። ድንበሩ በሰፈሩ በገበጣ ጨዋታ አቻ አልነበረውም። ሆኖም አማትን መርታት ነውር መስሎ ስለታየው፣ የሚበላውን ጠጠር እያየ እንዳላየ ያልፍና ይሸነፋል። ከዚያም እጅ ነሥቶ ወደ ቤቱ ይመለሳል።

የሽማግሌው ፊት ግን ከሳምንት ሳምንት እየጠቆረ ሄደ። በሦስተኛው ወር ሰሌዳውን ቆጥ ላይ ሰቀሉና፣ «ከእንግዲህ በየሳምንቱ አይድከሙ፤ ለበዓል ብቅ ቢሉ ይበቃል» አሉት። ውዲቱ ይህን በሰማች ጊዜ፣ ባሏና አባቷ ባዕድ ሆነው ሊቀሩ ነው ብላ አለቀሰች።

ድንበሩ ጥፋቱን ለማወቅ ሴት አማቱን እመት ትርንጎን ለብቻቸው ጠየቀ። እሳቸውም ሳቁ። ባለቤታቸው እንግዳው ከሄደ በኋላ ጨዋታውን ብቻቸውን ደግመው እንደሚጫወቱትና የታለፈውን ጠጠር ሁሉ እንደሚያገኙት ነገሩት።

«‹አማቼ እንደ ሕፃን ያባብለኛል› እያሉ ነው የሚበግኑት። ማባበሉን ይተዉና ይጫወቱ» አሉት።

በማግስቱ እሑድ ነበር። ድንበሩ ሳይጠራ መጣ፤ ሰሌዳውን በገዛ እጁ ከቆጡ አወረደና፣ «አባባ፣ ዛሬ ግን አልምርዎትም» አላቸው።

«እስቲ ይሞክሩ» አሉ ሽማግሌው።

ድንበሩ ረታቸው። አቶ ገብረየስ ባዶ የቀሩትን ጉድጓዶች ጥቂት ተመለከቱና እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ።

«አንተ ቀጣፊ፣ ይህን እጅ የት ደብቀኸው ከረምህ? ተቀመጥ። ሳልረታህ ምሳ የለም።»

የዚያን ቀን ምሳ የቀረበው አሥር ሰዓት ላይ ነው። እመት ትርንጎ ወጡ ሦስት ጊዜ እንደቀዘቀዘ ሲያማርሩ፣ ውዲቱ ደግሞ ባሏና አባቷ በአንዲት ጠጠር ሲጨቃጨቁ እየሰማች በደስታ ትስቅ ነበር።

አክብሮት ማለት ራስን መደበቅ አይደለም። በአማቶቹ ቤት እንከን የማይገኝበት እንግዳ ሆኖ የሚኖር ሰው ይመሰገን ይሆናል እንጂ ልጅ አይሆንም። ልጅ የሚሆነው እውነተኛ ማንነቱን ይዞ ፊት ለፊታቸው የተቀመጠ ነው።

እርስዎስ በአማቶችዎ ቤት ስንት ጠጠር እያዩ አልፈዋል?