ድምፅ የሚጠጣው ቦሌ

ተረት ካላችሁኝ ልንገራችሁ፤ ግን የሚያስቅ አይደለም። ልሣቅ ብሎ የመጣ ካለ ከወዲሁ ይነሣ።

በድሮ ዘመን፣ ከብት ጌታ ሳይኖረው፣ በረትም ሳይታጠር፣ አንዲት ላም፣ አንድ አህያና አንዲት ፍየል በአንድ ቆላ አብረው ይኖሩ ነበር። ላሚቱ ዛጎል የምትለው ጥጃ ነበራት። ቀንድ የለው፣ ጉልበት የለው፤ ያለችው እናቱ ብቻ ነበረች።

በዚያ ቆላ ጅብም ነበር። ጅብ ካለ እንዴት ኖሩ ትሉ ይሆናል። በድምፃቸው ነዋ። አህያው የጅብ ሽታ ሲሸተው ያናፋል። ፍየሏ እሱን ሰምታ ትጮኻለች። ላሚቱ ፍየሏን ሰምታ "እምቧ" ትላለች፤ ዛጎልም ካለበት ሮጦ እግሯ መካከል ይገባል። ጅቡ ሲደርስ ቀንዱም ርግጫውም ተሰናድቶ ይጠብቀዋል። ምራቁን ውጦ ይመለሳል።

አንድ ዓመት ዝናቡ ቀረ። ሣሩ ደረቀ። ከብት የሚልሰው ያ ጨዋማ አፈር፣ ቦሌው፣ ተልሶ አለቀ። የላሚቱም ጡት ደረቀ። ዛጎል ጡቷን በግንባሩ እየጎሸመ "እማዬ፣ የለም እንዴ?" ይላታል።

"ይመጣል፣ ልጄ" ትለዋለች። አይመጣም።

ጅቡም ርቦት ገደል ለገደል ሲዞር አንድ ሰማያዊ ድንጋይ አገኘ። በዓለም ላይ አንድ ብቻ የነበረ ማዕድን ነው። እንደ ቦሌ ጨው ጨው ይላል፤ የላሰው ሁሉ ይወፍራል። ግን የላሰውን እንስሳ ድምፅ ይጠጣል። ቀደም ብሎ አንዲት ቆቅ ቀምሳው ኖሮ በቆቅ ድምፅ ተናገረ።

"አያ ጅቦ፣ ድምፅ ወዳላቸው ውሰደኝ። ዓለም ከተፈጠረ ጀምሮ ዲዳ ነበርኩ። ድምፅ ጠምቶኛል።"

"እኔስ ምን አገኛለሁ?" አለ ጅቡ።

"ድምፁ ለእኔ፣ ሥጋው ለአንተ።"

ጅብ እንዲህ ያለውን ነገር ሁለቴ አያስነግርም። ድንጋዩን እየገፋ እየገፋ ወስዶ ከብቶቹ ውሃ በሚወርዱበት መንገድ ዳር ጣለው። ራሱ ከቁጥቋጦ ኋላ ተኛ።

መጀመሪያ አህያው መጣ።

"አቶ አህያ፣ ላሰኝ" አለው ድንጋዩ። "ዋጋዬ ድምፅህ ነው።"

"ድምፄን?" አለ አህያው። "ባናፋሁ ቁጥር የሚስቅብኝ እንጂ የሚያመሰግነኝ አላየሁም። ውሰደው።" ላሰ። ወፈረ። ዝም አለ።

ቀጥላ ፍየሏ መጣች። ድንጋዩ አሁን በአህያው ድምፅ ነበር የሚናገረው።

"እመት ፍየል፣ ላሺኝ። ዋጋዬ ድምፅሽ ነው።"

"እኔ የምጮኸው አህያው ሲጮኽ ነው" አለች። "እሱ ዝም ካለ እኔን ምን አስለፈለፈኝ?" ላሰች። ወፈረች። ዝም አለች።

በመጨረሻ ላሚቱ ጥጃዋን አስከትላ መጣች።

"እመት ላም፣ ላሺኝ። ዋጋዬ ድምፅሽ ነው" አላት፣ በፍየሏ ድምፅ።

ላሚቱ ሞኝ አልነበረችም፤ ይህን ልብ በሉልኝ። "ድምፄ የልጄ ነው" ብላ አለፈችው።

"ወተትሽስ የማን ነው?" አላት ከኋላዋ።

ቆመች። ዛጎልን አየችው። ጎድኑ ይቆጠራል፤ ሲራመድ ይንገዳገዳል። አህያውንና ፍየሏን አየች። ቆዳቸው ያብረቀርቃል፤ ድምፅ አጥቶ የሞተ የለም።

"ልጄ እንደሆን ከጎኔ አይለይም" አለች። "እየጠራ ከሚያስርብ አፍ፣ ዝም ብሎ የሚያጠባ ጡት ይሻላል።"

ከዚያ በኋላ አልተናገረችም። ላሰች።

ወተቱ መጣ። ዛጎል ጠባ፣ ጠገበ። የጠገበ ጥጃ ደግሞ ታውቁታላችሁ፤ ጭራውን ሰቅሎ ይፈነጫል። ከእናቱ ጎን የማይለየው የራበው ዛጎል ነበር። የጠገበው ዛጎል እየቦረቀ ጉብታውን ዞሮ ሄደ። ምስኪኗ ይህን አላሰበችም። በራብ ቀን የጥጋብን ጠባይ ማን ያስባል?

ጅቡ ከቁጥቋጦው ተነሣ። አህያው የጅቡ ሽታ ሸተተው፤ አፉን ከፈተ፤ ምንም አልወጣም። ፍየሏ አልሰማችም፤ ቅጠሏን ትቀነጥባለች። ላሚቱ ጅቡን በዓይኗ አየችው። አንገቷን ዘርግታ አፏን ከፈተች። ምንም።

ከመንገዱ ዳር ድንጋዩ በእሷ ድምፅ "እምቧ" አለ።

"አቤት፣ እማዬ" አለ ዛጎል። እሷ በጉብታው አንድ ወገን ወደ እሱ ስትሮጥ እሱ በሌላው ወገን ወደ ድንጋዩ ሮጠ። ደረሰ፤ እናቱ የለችም። "እማዬ፣ የት ነሽ?" አለ። ድምፁ የእናቱ ነውና ጡት መስሎት ድንጋዩን ላሰው። የእሱም ድምፅ ሄደ። ስለዚህ ጅቡ ሲይዘው ማንም አልሰማም። ላሚቱ ስትደርስ ደሙንና ድንጋዩን አገኘች።

አህያውና ፍየሏም ተራ በተራ ተበሉ፣ አንዱ ሌላውን ሳይጠራ። ላሚቱን ጅቡ ቀንዷን ፈርቶ ተዋት።

እሷም ያን ድንጋይ በቀንዷ ልትፈረክሰው ተነሣች። ድንጋዩ በአህያው ድምፅ ሊለምናት ፈለገ፤ አልሆነለትም። በፍየሏም ሞከረ፤ አልሆነለትም። ድምፅ ባዶውን አይሄድም፤ ባለቤቱን ይዞ ይገባል፤ ዛጎል ደግሞ የገባው እናቱን እየጠራ ነው። ከድንጋዩ የወጣው አንድ ነገር ብቻ ነው።

"እማዬ፣ የት ነሽ?"

ቀንዷ ባለበት ቀረ። "እዚህ ነኝ" እንዳትለው ድምፅ የላትም። አንገቷን ደፍታ ላሰችው። ዝም አለ። ምላሷን ስታነሣ እንደገና "እማዬ፣ የት ነሽ?" አለ። እንደገና ላሰችው።

ቦሌ ደግሞ ሲላስ ያልቃል።

ላም እሳት ወለደች ሲባል ትሰማላችሁ። ለይቺኛዋ ድንጋይ ነው የቀራት። እንዳትልሰው ያልቅባታል፤ እንዳትተወው ይጣራል። ድንጋዩ ከቀን ቀን እየሳሳ፣ ድምፁም እየቀጠነ ሄደ፤ እሷም ከዚያ አልተነሣችም።

ተረቴን መልሱልኝ አልላችሁም፤ ይዛችሁት ሂዱ። ለልጄ ብሎ አፉን የሸጠ፣ ልጁ ሲጣራ ምን ብሎ ይመልሳል?